ስድስተኛው ፌርማታ

ማልሞ፣ ስዊድን
ኦክቶበር 9 ቀን 2023

ለአክስቴ የልጅ ልጅ ለዴልፊን ሜይፊልድ፣

ሰላምሽ ይብዛ፣ ቤትሽ ይሙላ፣ ጌታ በመውጣትሽም በመግባትሽም ይጠብቅሽ። እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ፤ ሞተ ከመባሌ በቀር።

ነገሩ እንዲህ ነው። እዚህ ሰፈር አኒካ የምትባል የቤተ መጻሕፍት ሠራተኛ አለች። ብስክሌቷን የማድስላት እኔ ነኝ። ዘንድሮ በጋ አሜሪካ ልትጎበኝ ሄዳ ናሽቪል ደረሰች። “የነፍስ ምግብና የሰፈር ታሪክ ጉብኝት” የሚል ሚኒባስ ላይ ወጥታ ስድስት ቦታ ቆማ፣ እስክትጠግብ በልታ መጣች። ጎማዋን እየነፋሁላት ስለ በላችው ታወራኛለች። ሰናፍጭና ጥሬ ሽንኩርት የተጫነበት ትኩስ ዓሣ፣ ከጎኑ ስፓጌቲ። “ዓሣን በስፓጌቲ የሚበላ ሕዝብ አይቼ አላውቅም” አለችኝ። “እኔ አይቻለሁ” አልኳት። ከዚያ “አስጎብኚያችን ዴልፊን” ብላ ስልኳን አውጥታ አንቺን በቪዲዮ አሳየችኝ።

አውራ ጎዳናው ድልድይ ሥር ቆመሻል። ባርኔጣሽ ከሚኒባሱ ጣሪያ አይተናነስም። እንዲህ ስትይ ሰማሁ፦ “እዚህ ጋ የሉቪኒያ ፔቲስ ምግብ ቤት ነበር። አንድ ልጅ ነበራት፣ ኦዜል የሚባል። ወታደር ሆኖ ባሕር ማዶ ሄደና እዚያው ሞተ። አስከሬኑ እንኳ አልመጣም። ሉቪኒያ እስክትሞት ድረስ ሐሙስ ሐሙስ አንድ ሳህን ምግብ ታስቀምጥለት ነበር።” ሰዎቹ አለቀሱ። አኒካም አልቅሳለች። እኔ ሳላውቀው ጎማውን እየነፋሁ ኖሮ ፈነዳ።

የእናቴ የሉቪኒያ ልጅ ኦዜል እኔ ነኝ። ሰባ አምስት ዓመቴ ነው። በ1968 ጀርመን አገር ካለው ጦር ሰፈር ወደ ቬትናም ሂድ የሚል ትእዛዝ ሲመጣልኝ፣ ቬትናምን ትቼ ወደ ሰሜን የሚሄደውን ባቡር ያዝኩ። እዚህ መርከብ መሥሪያ ውስጥ ብየዳ ሠራሁ፣ ጡረታ ወጣሁ፣ አሁን ብስክሌት እጠግናለሁ። አላገባሁም። ይኸው ነው።

በመሞቴ አልጣላሽም። አንድ ነገር ብቻ ንገሪኝ። እዚህ በገባሁ በዓመቱ ከሰፈራችን የመጣ አንድ ልጅ አግኝቼ ነበር። “እናትህ ቤተ ክርስቲያን ቆማ ‘ልጄ ሞቷል’ ብላ፣ ሐዘን ተቀምጣ፣ ሰፈሩ ሁሉ ምግብ ይዞ መጣላት” አለኝ። ከሠራዊት የከዳ ልጅ አልወለድኩም ማለቷ ነው ብዬ ነው የያዝኩት፤ እስከ ዛሬም የያዝኩት ይህንኑ ነው። አንቺ ያኔ የስምንት ወይም የዘጠኝ ዓመት ልጅ ነበርሽ፣ ከማጀቷ አትጠፊም ነበር። እውነት ረግማኝ ነው? እሱን ብቻ ጻፊልኝ።

አክባሪ ዘመድሽ፣
ኦዜል ፔቲስ


ናሽቪል፣ ቴነሲ
ዲሴምበር 12 ቀን 2023

ለአቶ ኦዜል ፔቲስ፣

ልዑል እግዚአብሔር ከእርስዎ ጋር ይሁን። ደብዳቤዎ ደርሶኛል። መልሴ የዘገየው የምስጋናው በዓል፣ የቤተ ክርስቲያናችን ባዛርና የጉልበቴ ሕመም አንድ ላይ ስለመጡብኝ ነው።

ይቅርታዎንና፣ የሞተ ሰው ስም ይዞ የሚመጣ ብዙ ነው። ባለፈው ዓመት አንዱ የሟቹ የዲያቆን ቶሊቨር ልጅ ነኝ ብሎ መጥቶ የዲያቆኑን ምርጥ ኮት ለብሶ ሄደ። ስለዚህ አይቀየሙኝ፣ አንድ ጥያቄ አለኝ። አክስት ሉቪኒያ ሐሙስ ቀን ብቻ የምትቀጣው ቅጣት ምን ነበር? ማንን ነበር የምትቀጣው? እውነተኛው ኦዜል ይህን አይረሳም።

ጌታ ይጠብቅዎት።
ዴልፊን ሜይፊልድ


ማልሞ
ጃንዋሪ 4 ቀን 2024

ለመርማሪዋ ዴልፊን፣

አዲሱ ዓመት የጤናና የጥጋብ ይሁንልሽ። ጥቁር ዓይን ያለውን ባቄላና ጎመኑን እንደ ሰፈራችን ልማድ በመባቻው እንደበላሽ ተስፋ አደርጋለሁ። እኔ ባቄላውን ከቱርኮች ሱቅ አገኘሁ። ጎመኑን ግን እዚህ የሚሸጡት እንደ ወረቀት ነው።

ሐሙስ በነጮች ቤት የሚሠሩት ሴቶች የዕረፍት ቀን ነበር። ሳምንቱን ሙሉ የሰው ማጀት ቆመው የከረሙ ሴቶች ባርኔጣቸውን አድርገው እናቴ ቤት ይመጣሉ፣ ተቀምጠው ይበላሉ። ልማድ ሆኖባት የራሷን ሳህን ያነሳች ሴት አምስት ሳንቲም ትቀጣለች። “ቁጭ በይ! ዛሬ የሚያነሳልሽ አለ” ትላለች እናቴ። የሚያነሳው እኔ ነበርኩ። የቤተ ክርስቲያናችን እህት ቫሽቲ ብቻዋን ሦስቴ ተቀጥታ፣ “ሉቪኒያ፣ ከእመቤቴ አንቺ ብሰሻል” ስትላት ቤቱ በሳቅ ሲናጋ እስከ ዛሬ ይሰማኛል።

ይበቃሻል? እንግዲህ አንቱታውን ተይው፣ የሸመገልኩት ይበቃኛል።

አሁን ወደ ጥያቄዬ። ሐኪሞች ሳንባዬ ላይ አንድ ነገር አይተዋል። እንድታዝኚልኝ አይደለም የምነግርሽ፤ ጊዜ እንደሌለኝ እንድታውቂው ነው። በኤፕሪል ልመጣ አስቤአለሁ። እንደማንኛውም እንግዳ ከፍዬ ሚኒባስሽ መጨረሻ ወንበር ላይ እቀመጣለሁ። ማንነቴን ለማንም አትናገሪ። ድልድዩ ሥር ቆመሽ የእናቴን ስም ስትጠሪ በጆሮዬ ልስማና ልመለስ። ከዚያ በፊት ግን የጠየቅኩሽን መልሽልኝ። ረግማኝ ከሆነ እሷ ቆማበት በነበረ መሬት ላይ መቆም አልፈልግም።

ኦዜል


ናሽቪል
ማርች 11 ቀን 2024

ለውድ ወንድሜ ለኦዜል፣

ስሙ የተመሰገነው አምላክ ጤናህን ይመልስልህ። በየረቡዕ ጸሎታችን ስምህን ሳልጠራ “በሩቅ ላለ አንድ በሽተኛ” ብዬ አስጸልይልሃለሁ። እህት ቫሽቲ አሁን ዘጠና አራት ዓመቷ ነው፣ ከሁሉም በላይ “አሜን” የምትለው እሷ ናት።

አንተ መሆንህን ስረዳ ወንበር ፈልጌ ተቀመጥኩ። የደብዳቤህን ሐሙስ ደጋግሜ አነበብኩት።

ስለ ጉብኝቱ ልንገርህ። ሠላሳ አንድ ዓመት የትምህርት ቤት ማጀት ውስጥ ስሠራ ኖሬ ጡረታ ስወጣ እጄን የማደርግበት ጠፋኝ። ሰው ወደዚህ ከተማ የሚመጣው ለጊታር ነው፤ እኛ ሰፈር የሚደርስ የለም። ስለዚህ ሚኒባስ ተከራየሁ። መጀመሪያ ዓሣ ቤቱ። ቀጥሎ በሚጥሚጣ የተጠበሰው ዶሮ፣ እንግዶቹ አንዴ ጎርሰው ውሃ ውሃ ሲሉ ማየት ደስ ይለኛል። ሦስተኛው የቤተ ክርስቲያናችን ምድር ቤት ነው፤ ጎመን በአሳማ አጥንት፣ የበቆሎ ዳቦ፣ አሬራ። እህት ቫሽቲ እዚያ ተቀምጣ ሁሉንም “ማን ነው የወለደህ?” ብላ ትጠይቃቸዋለች፣ ከጃፓን የመጣውን ሳይቀር። አራተኛው የፀጉር ቤቱ ነው፣ እዚያ የሚበላው ወሬ ነው። አምስተኛው የስኳር ድንች ፓይ። ስድስተኛው ላይ የሚበላ የለም። እዚያ ሰውን የማቆመው ድልድዩ ሥር ነው፤ መኪናው በላይ እየጮኸ።

ፓይ ልልክልህ ነበር፣ ፖስታ ቤቱ ፈሳሽ ነው ብሎ መለሰው። ስለዚህ በቅቤ የሚጋገረውን ኬክ በቆርቆሮ አድርጌ ልኬልሃለሁ፤ ሦስት ሳምንት ቢቆይ አይበላሽም፣ እንዲያውም ይጥማል። የአክስት ሉቪኒያ አሠራር ነው፤ ዱቄቱ ሦስቴ ይነፋል፣ የምድጃው በር አይከፈትም፣ ልጅ ማጀት ውስጥ አይዘልም።

በኤፕሪል ባትመጣ ይሻላል። ዝናቡ ብዙ ነው፣ ሚኒባሱም ጋራዥ ይገባል። ደግሞ የቤተ ክርስቲያናችን ግድግዳ ላይ ስምህ የተጻፈበት የናስ ሰሌዳ አለ፤ በጦርነት ካልተመለሱት ልጆቻችን ጋር። ሰው ቢያውቅህ ብዙ ነገር ይነሳል። ስለ ሌላው ነገር በአካል ስንገናኝ እናወራለን።

የምትወድህ እህትህ፣
ዴልፊን


ማልሞ
ማርች 29 ቀን 2024

ለዴልፊን፣

ሰላም ለቤትሽ ይሁን።

ኬኩ ደርሶኛል። ግማሹን አኒካ በላችው። የቀረውን እኔ እያለቀስኩ በላሁት፣ አላፍርም።

ግን አንቺ ልጅ፣ ስለ ዶሮ ጻፍሽ፣ ስለ ፓይ ጻፍሽ፣ ስለ ፖስታ ቤት ጻፍሽ። በጠየቅኩሽ ላይ አንድ መስመር የለም። አፌን በኬክ ልትዘጊው ነው? እኔ የምግብ ቤት ልጅ ነኝ፣ ሰውን ልታስከፊ ስትይ መጀመሪያ ሳህን እንደምትሞዪለት አውቃለሁ።

ሐኪሙ አውሮፕላን ከልክሎኛል። ስለዚህ ደስ ይበልሽ፣ አልመጣም። በአካል ስንገናኝ ያልሽው የለም። ያለን ወረቀት ብቻ ነው።

ማንንም ያልነገርኩትን ልንገርሽ። በ1977 ነገሩ ለዘብ ብሎ ለእኛ ለከዳነውም መመለሻ መንገድ ሲከፈት፣ አብረውኝ የነበሩት አንድ አንድ እያሉ ገቡ። በ1979 እኔም ቲኬት ገዛሁ። ኮፐንሃገን አውሮፕላን ማረፊያ ደርሼ ሰልፍ ውስጥ ቆሜ ሳለ፣ ቤት ስገባ ፊቷን አሰብኩት። የቀበረችኝ ሴት ናት። በምን ዓይኔ አያታለሁ አልኩና ሻንጣዬን ይዤ ወደ ማልሞ በሚያሻግረው ጀልባ ተመለስኩ። መሞቷን የሰማሁት ሁለት ዓመት ዘግይቼ፣ በሰው በሰው ነው።

ዴልፊን፣ ያወቅሽው ነገር ካለ ይዘሽብኝ አትቅሪ። ክፉም ከሆነ ክፉውን ጻፊልኝ።

ኦዜል


ናሽቪል
ሜይ 20 ቀን 2024

ለወንድሜ ለኦዜል፣

የሰላም አምላክ ይህን ስታነብ አጠገብህ ይቀመጥ። አኒካን ጥራት፣ ብቻህን አታንብበው።

ሰባት ሳምንት ሙሉ እየጻፍኩ ስቀድ ነበር። እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል ይላሉ፤ እኔ ጋ ግን ሲያድር አርባ ሰባት ዓመት ሆነው።

እናትህ አልረገመችህም።

ከሠራዊቱ በጠፋህ በወሩ ሁለት የመንግሥት ሰዎች በየማክሰኞው መምጣት ጀመሩ። በሩ አጠገብ ያለው ጠረጴዛ ላይ ይቀመጣሉ፣ አንድ ቡና ይዘው ሁለት ሰዓት ይቆያሉ፣ የሚገባውን ሁሉ “ልጁ ጽፏል?” ይላሉ። ሰው መምጣት ተወ። ከዚያ ደብዳቤህ ደረሰ። እንደምታውቀው አክስት ሉቪኒያ ማንበብ አትችልም ነበር። እናቴ የውሃውን ቧንቧ ከፍታ፣ ድምጿን ዝቅ አድርጋ አነበበችላት። ሦስቴ አስደገመቻት። ከዚያ አድራሻህን በሙጫ ወረቀት ላይ አስጻፈችና የኬኩ መጋገሪያ ቂጥ ላይ ለጠፈችው። ደብዳቤውን ምድጃ ውስጥ ከተተችው። በሚቀጥለው እሑድ ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ተነሥታ “ልጄ ሞቷል፤ አስከሬኑም አይመጣም” አለች። የሞተ ሰው ደብዳቤ አይጽፍም። ስለ ሞተ ሰው የሰፈር ሰው አይጠየቅም። ያደረገችው ለዚህ ነው።

ሰፈሩ ምግብ ይዞ መጣ። እኔ ዘጠኝ ዓመቴ ነበር፤ ማጀት በር ላይ አስቀምጠውኝ በየሳህኑ ሥር የባለቤቱን ስም በሙጫ ወረቀት እየጻፍኩ እለጥፋለሁ። ሠላሳ ስምንት ሳህን ነበር። አንተም ታውቀዋለህ፣ ከሐዘን ቤት ሳህን ታጥቦ ባዶውን ነው የሚመለሰው፤ ልጁ የሞተበት ሰው ለማንም አያበስልም። አክስት ሉቪኒያ ግን ከዚያ ምግብ አንድ ጉርሻ አልቀመሰችም። “ቆሞ ለሚሄድ ልጄ የመጣ የሐዘን ምግብ ብበላ ይሞትብኛል” አለች እናቴን። ሌሊቱን አባቴ ጭኖ ለአረጋውያን ቤት ወሰደው። ከዚያ በሩን ዘግታ ሦስት ቀን አበሰለች። ሠላሳ ስምንቱንም ሳህን ሞልታ መለሰችው። ያደረስኩት እኔ ነኝ።

እንዲያ ማድረጓ ስሕተት ነበር፤ በሌላ ሰፈር ማንም አያስተውለውም። የእኛ ሴቶች ግን ክዳኑን ከፈት አድርገው፣ የሞቀውን አይተው፣ እኔን አይተው ይከድኑታል። እህት ቫሽቲ ሳህኑን ይዛ ብዙ ቆመች። “ሉቪኒያን፣ ሐዘንሽ ከባድ መሆኑን አየሁ ብላለች በያት” አለችኝ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ሰፈሩ በሙሉ ያውቅ ነበር። ለመንግሥት ሰዎቹ ግን ሁሉም አለቀሰላቸው። ዝም ባለ አፍ ዝንብ አይገባም። ምግብ ቤቱ በዚያው ክረምት ለአውራ ጎዳናው ፈረሰ፣ ምስጢሩ ግን አልፈረሰም።

አሁን የእኔን።

በ1977 እናትህ መንገድ መከፈቱን በሬዲዮ ሰማች። አሥራ ስምንት ዓመቴ ነበር። ጠራችኝና መጋገሪያውን ገልብጣ አድራሻውን አሳየችኝ፤ “ጻፊልኝ” አለች። ያስጻፈችኝ አጭር ነው፦ “ኦዜል፣ ሰዎቹ መምጣት ትተዋል። ሞተ ያልኩት እንዳትሞት ነው። ቤት ቀይሬአለሁ፣ ከድሮው ጀርባ ያለው ሰማያዊ በር ነው። አልቆልፈውም። ና።”

በዚያው ወር የናሱ ሰሌዳ ሊሰቀል ነበር። ገንዘቡን በየቤቱ ዞሮ የሰበሰበው፣ ሰባኪዎችንም ከሌላ ከተማ የጋበዘው አባቴ ነው። አባቴ የጠራው በዓል ላይ የሞተው ልጅ መጥቶ ሲቆም ታየኝ። አባቴ በሕዝብ ፊት ውሸታም ሲባል ታየኝ። በዓሉ ይለፍ ብዬ ደብዳቤውን መዝሙር መጽሐፌ ውስጥ አስቀመጥኩት። በዓሉ አለፈ። ከዚያ አገባሁ። ከዚያ ልጅ ወለድኩ። “ላክሽው?” ስትለኝ “ላክሁት” አልኳት። አንዴ ላክሁት ካልኩ በኋላ መላክ እንዴት እንደሚከብድ የሚያውቅ ያውቀዋል።

አሥራ አራት ዓመት ጠበቀችህ። ሐሙስ ሐሙስ ሳህን ታስቀምጥ ነበር ብዬ በጉብኝቱ የምናገረው እውነት ነው። “ፖስተኛው ምን አመጣ?” ትለኛለች። “ገና ነው” እላታለሁ። አንድ ቀን እንኳ በአንተ ላይ ቂም አልተናገረችም። መጨረሻ ላይ “ምናልባት ወልዶ ይሆናል፣ ልጅ ያለው ሰው በቀላሉ አይንቀሳቀስም” ትል ነበር። በ1991 ስትሞት ደብዳቤውን ሬሳ ሣጥኗ ውስጥ፣ እጇ ሥር አደረግሁት። ይህን እስከ ዛሬ ለባሌም አልነገርኩም።

ድልድዩ ሥር ቆሜ ሞተ የምለው ለዚህ ነው። አንተ ካልሞትክ ያስቀረሁህ እኔ ነኝ። በየቅዳሜው ለማያውቁኝ ሰዎች እገድልሃለሁ፤ እነሱ ያለቅሱልኛል፣ እኔ ወደ ቤቴ እገባለሁ።

ይቅርታ ልለምንህ አፌ አይፈታም። ግን ለምኜሃለሁ።

ዴልፊን


ናሽቪል
ጁላይ 15 ቀን 2024

ለወንድሜ ለኦዜል፣

ጌታ ይማርህ። ሁለት ወር ሊሞላ ነው። ደብዳቤዬ ደርሶህ እንደሆነ በአንድ መስመር ብቻ አሳውቀኝ። ስደብም ከሆነ ስደበኝ። ከሜይ ወዲህ ጉብኝቱን አምስተኛው ላይ እጨርሰዋለሁ። እንግዶቹ “ስድስት አላላችሁም ወይ?” ይላሉ፣ “ጉልበቴን አሞኛል” እላለሁ።

ዴልፊን


ማልሞ
ኦገስት 22 ቀን 2024

ለዴልፊን፣

እግዚአብሔር ለሁለታችንም ይሁነን።

ደብዳቤሽ የደረሰኝ ጁን ሦስት ቀን ነው። እንዳልሽው አኒካን ጠርቼ ነው ያነበብኩት። ካነበብኩት በኋላ ብዙ ቀን ሱቁን አልከፈትኩም። ስለሚደክመኝ አጭር ነው የምጽፈው።

መጋገሪያው ቂጥ ላይ የነበረው አድራሻ ትክክል ነበር። እስከ 1983 እዚያው ቤት ነበርኩ። ልከሽው ቢሆን ይደርሰኝ ነበር። ይህን የምነግርሽ ልጎዳሽ አይደለም፤ ብደብቅሽ እኔም እንዳንቺ መሆኔ ነው።

ሃምሳ አምስት ዓመት እናቴ ተቆጥታኛለች ብዬ ኖርኩ። ቁጣን ሰው ይለምደዋል፣ አብሮት ያረጃል። በሯን ሳትቆልፍ ትጠብቀኝ ነበር የሚለውን ግን በዚህ ዕድሜዬ የምለምድበት ጊዜ የለኝም። አንዳንድ ቀን ባትነግሪኝ ኖሮ እላለሁ። ወዲያው ደግሞ አልረገመችኝም እላለሁ፣ እንደ ልጅ አለቅሳለሁ።

ይቅርታውን በተመለከተ፣ አልተቀየምኩሽም ብል ሰባኪ መምሰሌ ነው። ተቀይሜሻለሁ። ኮፐንሃገን ድረስ ሄጄ የተመለስኩት ግን እኔ ነኝ፤ ማንም ገፍቶ አላስመለሰኝም። እናቴን ያላመንኳት እኔ ነኝ። ስለዚህ ጥፋቱን ብቻሽን አትሸከሚው፣ ግማሹ የእኔ ነው።

ሐኪሙ እስከ ገና አትደርስም ይለኛል። የናሱን ሰሌዳ አታስነሡ፤ ለጥቂት ወር ብሎ ግድግዳ ማፍረስ አይገባም። እህት ቫሽቲን በእኔ ስም ሳሚያት።

ስድስተኛውን ፌርማታ ግን አትዝጊው። እናቴ ሌላ ቦታ ስሟ አይጠራም። በሚመጣው ቅዳሜ ሰዎቹን ይዘሻቸው ሂጂና፣ እንደ ወትሮው ድልድዩ ሥር አቁሚያቸው። ምግብ ቤቱን ንገሪያቸው። ሐሙስን ንገሪያቸው። ልጇ ጋ ስትደርሺ ሞተ አትበይ። አልመጣም በይ። ለምን ብሎ የሚጠይቅሽ ካለ፣ የእኔንም የአንቺንም ንገሪው።

የሉቪኒያ ልጅ፣
ኦዜል